ጣቢያው ችሎት አይደለም

ለማን አቤት ይባላል? ይህ ጥያቄ በአገራችን ከተጻፈው ሕግ ሁሉ ይቀድማል። ድሮ ሁለት ሰዎች መንገድ ላይ ተጣልተው አንደኛው «በሕግ አምላክ!» ሲል ሌላው እግሩን ተክሎ ይቆም ነበር፤ አላፊ አግዳሚው ተይዞ «ዳኛ ሁነን» ይባላል፤ ከዚያ በኋላ በላ ልበልሃ ነው። ዳኛው የመንገድ ዳኛ ይሁን እንጂ የሁለቱንም ቃል ሰምቶ ነበር የሚፈርደው። ባለዕዳና ባለገንዘብ ደግሞ በቁራኛ ይታሰሩ ነበር፤ አንዱ ከሌላው ጋር በሰንሰለት ተቆራኝቶ፣ ዕዳው እስኪከፈል ወይም ዳኛ እስኪፈርድ ድረስ አብረው ይውላሉ፣ አብረው ያድራሉ። ጭካኔ ነው፤ ይመለስልን የሚል የለም። ነገር ግን በዚያ ጭካኔ ውስጥ አንድ ልብ ሊባል የሚገባው ነገር ነበረበት፤ ሰንሰለቱ ሁለት ጫፍ ነበረው። አሳሳሪውም አብሮ ታሳሪ ነበርና ሰውን በከንቱ ከማሳሰሩ በፊት ማሰላሰሉ አይቀርም።

ዛሬ ቁራኛ ቀርቷል። በምትኩ የመጣውን ግን እስቲ አፍ አውጥተን እንናገረው። ባለገንዘቡ ወደ ፖሊስ ጣቢያ ይሄዳል፤ «እገሌ ገንዘቤን በላኝ» ይላል፤ ባለዕዳው ይጠራል፤ ማረፊያ ቤት ይገባል፤ ባለገንዘቡ ግን ቤቱ ገብቶ እራቱን በልቶ ይተኛል። የሰንሰለቱ አንድ ጫፍ ተቆረጠና ሌላው ጫፍ በድኻው እጅ ላይ ቀረ። ሥልጣኔ የተባለው ይህ ነው እንዴ?

ነገሩን ወደ ደቡብ ኦሞ እናምጣው፤ አዲስ አበባ ላይ ትንሽ ጉድለት የሚመስለው እዚያ ሲደርስ ገደል ይሆናልና። ሰኞ የቱርሚ ገበያ ነው፤ ሐሙስ የቀይ አፈር፤ ቅዳሜ የዲመካና የጂንካ። በገበያ ቀን የሚነሣው ጠብ ምን ዓይነት ነው? ቀብድ ተቀብሎ በሬውን ለሌላ ሸጠብኝ፤ የቤት ኪራይ ሦስት ወር አሳለፈብኝ፤ በዱቤ የወሰደውን የሞተር ብስክሌት ዋጋ አልጨረሰልኝም፤ ከብቶቹ ማሽላዬን በሉት፤ የልጄን ጥሎሽ አላሟላም። በዚህ ሁሉ ውስጥ ወንጀለኛው የታለ? የተሰበረ ቃል አለ፤ ያልተከፈለ ገንዘብ አለ፤ የተጎዳ ማሳ አለ። የፍትሐ ብሔር ክርክር ማለት ይኸው ነው። እንዲህም ሆኖ ሰው የሚባባለው «ና ጣቢያ እንሂድ!» ነው፤ «ፍርድ ቤት እንሂድ» የሚል ብርቅ ነው።

የዚህ ጽሑፍ አቋም አጭር ነው። ፖሊስ መግባት በማይገባው ጉዳይ ይገባል፤ ሊገባበት ከሚገባው ጉዳይ ደግሞ «የግል ጉዳያችሁ ነው» ብሎ ይወጣል። ሁለቱም ስሕተት የሚጎዳው ያንኑ አንድ ሰው ነው፦ አማርኛ የማይናገረውን፣ ዘመድ የሌለውን፣ ከገጠር የመጣውን፣ ሴቷን።

ሕጉ ምን ይላል? በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 17 ሰው በሕግ ከተደነገገው ሥርዓት ውጭ ነጻነቱን እንዳያጣ ይከለክላል። በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም በሕግ የመዳኘት ሥልጣን ለተሰጠው አካል ማቅረብን የሁሉም ሰው መብት ያደርገዋል። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የገባችበት ዓለም አቀፍ የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን ደግሞ በአንቀጽ 11 ከዚህ የበለጠ ግልጽ ነው፤ የውል ግዴታውን መፈጸም ስላቃተው ብቻ ማንም አይታሰርም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ በአንቀጽ 22፣ ለፖሊስ የምርመራን በር የከፈተለት ወንጀል መሠራቱን ሲያውቅ ወይም ሲጠረጥር ነው። ዕዳ ወንጀል ካልሆነ ያ በር አልተከፈተም ማለት ነው።

«ታዲያ ፖሊሱ በምን ብሎ ይይዘዋል?» የሚል አይጠፋም። መልሱ አንዲት ቃል ናት፤ «አታሎኛል»። ይህች ቃል ዕዳን ወደ ወንጀል የምታሻግር ድልድይ ሆናለች። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 692 አታላይነትን፣ በአንቀጽ 675 እምነት ማጉደልን ይቀጣል፤ እውነት ነው። ነገር ግን አታላይ የሚባለው ገና ሲቀበል በሐሰት ነገር ሌላውን ያሳሳተ ሰው ነው፤ የሌለውን በሬ አለኝ ብሎ የሸጠ፣ ሐሰተኛ ስም የሰጠ። በቅን ልቡና ተበድሮ ዝናብ የጠፋበት፣ ከብቱ ያለቀበት፣ ንግዱ የከሰረበት ሰው አላታለለም፤ አጣ እንጂ። ሕጉ ከዕዳ ጋር የተያያዘ ነገርን ወንጀል ለማድረግ ሲፈልግ ራሱ ያውቅበታል፤ ደረቅ ቼክን በአንቀጽ 693 ለይቶ ጽፎታል። ያልጻፈውን ግን መርማሪ በቢክ እስክርቢቶ ሊጨምርበት አይችልም።

አሁን ደግሞ የ48ቱን ሰዓት ጉድ ተመልከቱ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ያለው ሰውየውን ለመጠበቅ ነው፤ ወደ ፍርድ ቤት ለመድረስ የሚፈጀው የጉዞ ጊዜ ብቻ አይቆጠርም። እንበልና አንድ የናንጋቶም ሰው በሁለት ላም ዕዳ ተይዞ ጣቢያ ገባ። አንድ ሌሊት አደረ። በማግሥቱ «ትከፍላለህ ወይስ ትሰነብታለህ?» ተባለ። ዘመዶቹ ተሯሩጠው ፍየሎቻቸውን ገበያ አውርደው በወደቀ ዋጋ ሸጡ፤ ገንዘቡ ተከፈለ፤ ሰውየው 48 ሰዓት ሳይሞላው ተፈታ። ዳኛ አላየውም፤ ክስ አልተጻፈም፤ መዝገብ የለም። ለመሆኑ ዕዳው እውነት ነበር ወይ? ሁለት ላም ነበር ወይስ አንድ? የጠየቀ የለም። ሰውን ለመጠበቅ የታጠረው አጥር የገንዘብ ማስከፈያ ቀነ ገደብ ሆኖ አረፈው! ማንም ሕግ ጥሷል ተብሎ እንኳ አይጠየቅም፤ ሰዓቱ አላለፈማ።

ከዚያ ወረቀቱ ይመጣል። «ተስማምተናል» ይላል ወረቀቱ፤ በአማርኛ ተጽፏል፤ ከታች የአውራ ጣት አሻራ አለበት። አሻራው የማን ነው? አማርኛ ማንበብ ቀርቶ መስማት የማይችል ሰው ነው። ውድ አንባቢ፣ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግን አንቀጽ 1728 አውጣና አንብብ፤ ማንበብና መጻፍ የማይችል ሰው ያኖረው አሻራ የሚያስገድደው በውል አዋዋይ፣ በመዝጋቢ ወይም በሥራው ላይ ባለ ዳኛ ፊት ሲረጋገጥ ነው። በዚህ ዝርዝር ውስጥ ፖሊስ የለም። ረስተውት አይደለም፤ ጠመንጃ በያዘ ሰው ፊት የሚሰጥ ፈቃድ ፈቃድ መሆኑ ስለሚያጠራጥር ነው። ያው ሕግ በአንቀጽ 1706 በማስገደድ የተደረገ ውል ይፈርሳል ይላል። ማረፊያ ቤት አድሮ ከወጣ ሰው የበለጠ የተገደደ ማን አለ?

ስለ ከብትና ስለ ማሳም ሕጉ ዝም አላለም። በአንቀጽ 2071 ባለከብቱ እንስሳው ላደረሰው ጉዳት፣ እንስሳው አምልጦትም ቢሆን፣ ኃላፊ ነው። ይህ የካሣ ጉዳይ ነው፤ ጉዳቱ ይገመታል፣ ይከፈላል። ከይዞታው የተፈናቀለ ሰው ደግሞ በአንቀጽ 1149 በሁለት ዓመት ውስጥ ይመለስልኝ ብሎ ዳኛን ይጠይቃል። እረኛውን ማሰር ግን ለማሽላው ባለቤት አንድ ቁና እህል እንኳ አይመልስለትም። ባለማሳው ትልቅ እርሻ ያለው ባለሀብት፣ እረኛው ደግሞ አባቶቹ በዚያ መሬት ከብት ያሰማሩ የነበረ ልጅ ሲሆን ነገሩ ከዚህም ይከፋል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 አርብቶ አደሩ ለግጦሽና ለእርሻ መሬት በነጻ የማግኘትና ከመሬቱ ያለመፈናቀል መብት አለው ብሏል። የማን መብት ይበልጣል የሚለው ከባድ ጥያቄ ነው፤ ከባድ በመሆኑም የዳኛ ጥያቄ ነው። ተረኛው ፖሊስ በአንድ ከሰዓት በኋላ የሚቆርጠው ነገር አይደለም።

እዚህ ላይ «እሱ የሕግ መጽሐፍ ነው፤ አገሩን አታውቀውም» የሚሉ አሉ። እሺ፣ ስለ አገሩ እናውራ። በሐመር ጥሎሽ በአንድ ቀን ተቆጥሮ የሚያልቅ ሒሳብ አይደለም፤ ዓመታት ይፈጃል፤ ዕዳው ራሱ ሁለቱን ቤተ ዘመድ የሚያያይዝ ገመድ ነው። ከሩቅ ሰው ጋር በከብትና በስጦታ የሚመሠረት «ቤል» የሚባል ወዳጅነትም አላቸው። ነገር ሲበላሽ ደግሞ «ዘርሲ» የሚባለው የሽማግሎች ጉባኤ ጥላ ሥር ይቀመጣል፤ የሚናገረው ሁሉ ይናገራል፤ ቀኑ ይመሻል፤ ነገሩ ይበስላል። አሁን አማቱ ቀሪውን ከብት ለመውሰድ ወደ አማቹ መንጋ ገባ እንበል። አማቹ ጣቢያ ሮጦ «ተሰረቅሁ» ቢልስ? የሐመርን ጥሎሽ የማያውቅ መርማሪ «ስርቆት» ብሎ ይጽፋል። ያን ጊዜ አንዱ ሰው ሌባ ተባለ፤ የዓመታቱ ገመድ ተበጠሰ፤ ነገ በጣቢያው ወረቀት ላይ የማይጻፍ ቂም ተወለደ። ሰውየው በጉልበት መውሰዱ ልክ ነው አላልሁም። መብት አለኝ ብሎ የሚከራከርን ሰው ከሌባ የሚለይ ዳኛ ወይም ሽማግሌ እንጂ ከሳሽ ቀድሞ የደረሰለት መርማሪ አይደለም ነው የምለው።

በ1985 ዓ.ም. አርቦሬዎች ጎረቤቶቻቸውን ጠርተው ጦር ቀብረው ሰላም እንዳወረዱ በፊልም ሳይቀር ተቀርጿል። ከዕዳ እጅግ የከበደውን የደም ነገር አንድ ላይ ተቀምጦ የሚያበርድ ሕዝብ የሁለት ፍየል ጠብ የሚያበርድበት ብልኃት አጥቶ ነው ጣቢያ የሚጎተተው? በሌላ በኩል ፖሊስ በዚያ አገር እንዴት እንደሚታይም አንርሳ። በ2007 ዓ.ም. በሐመር በፖሊስና በነዋሪው መካከል ደም ፈስሷል፤ በ2012 ዓ.ም. በሳላማጎ በቦዲና በሙርሲ ላይ በተካሄደው የትጥቅ ማስፈታት ዘመቻ ስለ ድብደባ ብዙ አቤቱታ ተሰምቷል። እነዚያ የዕዳ ጉዳዮች አልነበሩም። ነገር ግን ያን ያየ እረኛ መለዮ ለባሽ «አስታርቃችኋለሁ» ሲለው የሚሰማው ሌላ ነገር ነው።

ሽማግሌዎችንም መልአክ አናድርጋቸው። ሴት እኩል የማትናገርበት ጉባኤ አለ፤ ለገዛ ጎሣው የሚያደላ ሽማግሌ አለ፤ ሁለት ብሔረሰቦች ሲጣሉ ደግሞ የማን ሽማግሌ ይቀመጥ የሚለው ራሱ ጠብ ነው። ለዚህ ነው ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 የግልና የቤተሰብ ጉዳይ በባህል ሕግ የሚዳኘው ተከራካሪዎቹ ሲፈቅዱ ነው ያለው። ፈቃድ! ሽማግሌ በፈቃድ፣ ፍርድ ቤት በሕግ። ጣቢያው በምን?

የታሪኩን ሥር ማየትም ይጠቅማል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 3347 ሕጉ በሸፈናቸው ጉዳዮች ላይ የነበረውን ልማድ ሁሉ ሻረው። ሽማግሌው በወረቀት ላይ ተሻረ፤ ዳኛው ግን እስከ ኦሞራቴና እስከ ካንጋቴን በቶሎ አልደረሰም። በመካከል ባዶ ቦታ ተፈጠረ። ባዶ ቦታ ባዶ ሆኖ አይቀርም፤ ቀድሞ የደረሰው የመንግሥት ሰው ፖሊስ ነበርና እርሱ ገባበት። የ1954ቱ የሥነ ሥርዓት ሕግ ግን፣ በአንቀጽ 223፣ ስድብን፣ እጅ እልፊትንና ከ5 ብር የማይበልጥ ስርቆትን እንኳ አስታርቆ እንዲጨርስ የሾመው አጥቢያ ዳኛን ነበር። ጥቃቅን ወንጀል ማስታረቅን ለፖሊስ ያልሰጠ ሕግ ውልና ጥሎሽን ይሰጠዋል?

አሁን ወደ ተከራካሪዎቼ ልመለስ። በዚህ በኛው ግቢ፣ በሻይ ቤቱ ጠረጴዛ ዙሪያ፣ ሦስት መከራከሪያ ይነገራል።

አንደኛው፣ «ፍርድ ቤት ሩቅ ነው፤ ቀጠሮው አያልቅም» የሚለው ነው። እውነት አለው። የጂንካ ሱቅ ጠባቂ ለአንድ ሺህ ብር ዱቤ ስድስት ቀጠሮ ሊመላለስ አይችልም፤ እርሱም ድኻ ነው፤ ገንዘቡ የልጆቹ እንጀራ ነው። ነገር ግን የቀጠሮ መብዛት መድኃኒቱ ቀጠሮውን ማሳጠር እንጂ ዳኛውን መዝለል አይደለም። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ በጽሑፍ ለተረጋገጠ የገንዘብ ዕዳ በአንቀጽ 284 አጭር መንገድ አበጅቷል፤ የዳኝነት መክፈል ለማይችልም በደኅነቱ በነጻ የሚከስበትን በር ከፍቷል። ይህን ለሱቅ ጠባቂው የነገረው ማነው?

ሁለተኛው፣ «ሕዝቡ ራሱ እየመጣ አስታርቁን ይላል፤ ፖሊስ ምን ያድርግ? የማኅበረሰብ አቀፍ ፖሊስ ሥራም እኮ ማስታረቅ ነው» የሚል ነው። ፖሊሱን አንኮንነው፤ ደመወዙ ትንሽ፣ ሥራው ብዙ፣ ሁለቱም ወገን እግሩ ላይ ይወድቃል። ይምከር፤ «ሽማግሌ ያዙ፣ ፍርድ ቤት ሂዱ» ይበል፤ አቤቱታው የት እንደሚቀርብ ያሳይ። ምክር ግን ቁልፍ የለውም። የማረፊያ ቤቱ ቁልፍ በኪሱ ያለ ሰው «ታረቁ» ሲል ትእዛዝ ይሆናል። ደግሞስ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» በሚባልበት አገር መዝገብ የሌለው ማስከፈል ወዴት እንደሚያመራ እናንተው ገምቱ።

ሦስተኛው ከሁሉ የሚጠነክረው ነው፤ «ፖሊስ ካልገባ ደም ይፈሳል» ይላል። ይግባ! ጦርና ጠመንጃ በተነሣበት ቦታ ፖሊስ መካከል መቆም ግዴታው ነው። ጠቡን ያቁም፤ መሣሪያውን ይያዝ፤ የደበደበውን ስለ ድብደባው ይያዝ፤ ያየውን ይጻፍ። ፍርድ ቤት የፈረደውን እንዲያስፈጽም ሲታዘዝም ያስፈጽም። ነገር ግን ጠቡ ከበረደ በኋላ ላሟ የማን ናት የሚለውን አይቁረጥ። ጠብ ማብረድ አንድ ሥራ ነው፤ ዕዳ መቁረጥ ሌላ ሥራ ነው፤ ሁለቱን ያደባለቀ ጊዜ የፖሊስን መለዮ ለመጀመሪያው ከሳሽ አከራየነው ማለት ነው።

ቀደም ሲል ሌላ ስሕተት አለ ብዬ ነበር። ባሏ የደበደባት ሴት ጣቢያ መጥታ «ይሄ የባልና ሚስት ጉዳይ ነው፤ ሽማግሌ አስቀምጡ» ተብላ ስትመለስ ያው ወሰን በሌላ በኩል ተጣሰ። በአካል ላይ የደረሰ ጉዳት ውል አይደለም። የወንጀል ሕጉ በአንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸም የኃይል ድርጊትን ወንጀል አድርጎታል። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊው የጠለፋትን ካገባት ከክስ የሚያመልጥበት ቀዳዳ ነበረው፤ የ1996ቱ ሕግ ያን ቀዳዳ ደፍኖ ጠለፋን በአንቀጽ 587 ይቀጣል። እንግዲህ የልጅቱ አባት ከብቱን ተቀብሎ «ታርቀናል» ቢል እንኳ ፖሊስ መዝገብ የመዝጋት ሥልጣን የለውም። በሁለት ፍየል ዕዳ ሰው እያሳደሩ ልጅ የጠለፈውን «ባህላቸው ነው» ብሎ መልቀቅ፤ ይህን የመሰለ የተገለበጠ ሚዛን የት ይገኛል?

ከዚህ ጎን የሚቆም ሕግ በዓለም ብርቅ አይደለም። ናይጄሪያ እ.ኤ.አ. በ2020 ባወጣችው የፖሊስ ሕግ ሰው በፍትሐ ብሔር ጥፋት ወይም ውል በማፍረስ ብቻ እንዳይያዝ በግልጽ ከልክላለች። ሕጉ ስለ ወጣ ብቻ ነገሩ ቀርቷል አልልም፤ ግን የተያዘው ሰው ጣቱን የሚቀስርበት ዐረፍተ ነገር አለው። እኛም እንዲህ ያለ አንድ ዐረፍተ ነገር በየጣቢያው ግድግዳ ላይ ይለጠፍ፤ በአማርኛ ብቻ ሳይሆን በሐመርኛም፣ በአሪኛም፣ በዳሰነችኛም። ማንበብ ለማይችለውም በገበያ ቀን በድምፅ ማጉያ ይነገር። ጣቢያ ውስጥ የሚከፈል የግል ዕዳ ይከልከል። በጣቢያ የተፈረመ «ስምምነት» ዳኛ ሳያየው አይጽና። ዳኛው ደግሞ ገበያው ባለበት፣ ገበያው በቆመበት ቀን፣ አስተርጓሚ ይዞ ይቀመጥ።

የሚቀረው የኛ ድርሻ ነው፤ ፖሊስን መውቀስ ቀላል ነውና። እናንተ የሕግ ተማሪዎች አንቀጽ 2071ን ለፈተና ሸምድዳችሁ ከፈተናው ማግሥት ትረሱታላችሁ። ከዲመካ፣ ከካንጋቴን፣ ከሃና የመጣችሁ ደግሞ የናታችሁን ቋንቋ በዚህ ግቢ እንደ ትርፍ ዕቃ አስቀምጣችሁታል። የሕግ ትምህርት ቤቶች በየዩኒቨርሲቲው ነጻ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ፤ እዚያ ተመዝገቡ። አንዱ ሕጉን ያምጣ፣ አንዱ ቋንቋውን ያምጣ፤ ለዕረፍት ስንወርድ በገበያ ቀን ከጣቢያው በር ትንሽ ፈንጠር ብሎ አንድ ወንበርና አንድ ጠረጴዛ ይቀመጥ። የተበደለው ይምጣ፤ ቃሉ በቋንቋው ይደመጥ፤ አቤቱታው ይጻፍለት፤ ወደ ዳኛው የሚወስደው መንገድ ይታየው። የታሰረ ዘመድ ያለውም «በምን ወንጀል ነው የያዛችሁት?» ብሎ እንዲጠይቅ ይነገረው። ይህን ጥያቄ መመለስ ያቃተው ጣቢያ ሰውየውን መልቀቅ አለበት።